«ሎንሰም»፦ ስለ 1928ቱ የብቸኝነት ፊልም ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ይህን ፊልም እዩልኝ ባልኩ ቁጥር የሚመጡብኝን ጥያቄዎች ነው የሰበሰብኩት፤ ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

«ሎንሰም» ምን ዓይነት ፊልም ነው?

በ1928 አሜሪካ ውስጥ በዩኒቨርሳል ስቱዲዮ የተሠራ የፍቅር ድራማ ነው። ስሙ ወደ አማርኛ ሲመለስ «ብቸኛ»፣ «ሰው የናፈቀው» እንደ ማለት ነው። 69 ደቂቃ ያህል ብቻ ይወስዳል። ጥቁርና ነጭ ነው፣ ድምፅ አልባ ነው። ይሁንና ሁለቱም ሙሉ በሙሉ እውነት አይደሉም፤ ለምን እንደሆነ ወረድ ብዬ እመልሳለሁ።

ዘመኑን ለመገመት እንዲረዳችሁ፦ ፊልሙ በወጣበት ዓመት እኛ አገር ራስ ተፈሪ መኮንን ንጉሥ ተብለው ዘውድ ደፍተዋል። ያን ያህል የቆየ ነው። ሆኖም ስታዩት አሮጌ ነገር እያያችሁ እንደሆነ ብዙም አይታወቃችሁም።

ታሪኩ ምንድን ነው?

ጂም የፋብሪካ ሠራተኛ ነው። ብረት የሚበሳ ማሽን ላይ ቆሞ ይውላል። ሜሪ የስልክ ኦፕሬተር ናት። ማዳመጫዋን ደፍታ የሰውን መስመር ከሰው ስታገናኝ ትውላለች። ሁለቱም ኒውዮርክ ከተማ ውስጥ አንድ ክፍል ተከራይተው ለየብቻ ይኖራሉ። ሁለቱም ደግ ናቸው፣ ሁለቱም ሠርተው አዳሪ ናቸው፣ ሁለቱም ማታ ቤት ሲገቡ «እንዴት ዋልክ፣ እንዴት ዋልሽ» የሚላቸው የለም።

ቀኑ ቅዳሜ ነው፣ ሥራ ግማሽ ቀን ነው። የሥራ ባልደረቦቻቸው ጥንድ ጥንድ ሆነው ይሄዳሉ። እነሱ ወደየክፍላቸው ይመለሳሉ። ከዚያ በመንገዱ ላይ ሙዚቀኞች የጫነ መኪና እየተጫወተ ሰውን ወደ ባሕር ዳርቻ ሲጠራ ይሰማሉ። ሳይተዋወቁ ሁለቱም ኮኒ አይላንድ ወደሚባለው የኒውዮርክ መዝናኛ ይሄዳሉ። እዚያ ይገናኛሉ፣ ይዋደዳሉ፣ በዚያው ምሽት ደግሞ በሕዝብ መሐል ይጠፋፋሉ።

መጨረሻውን እዚህ አልናገርም። የመጨረሻዎቹ ሁለት ጥያቄዎች ላይ ግን ግልጥልጥ አድርጌ አወራዋለሁ፤ ፊልሙን ያላየ ሰው እዚያ ሳይደርስ ያቁም።

ማን ሠራው? እነማን ይተውኑበታል?

ዳይሬክተሩ ፖል ፌዮሽ ይባላል። በ1897 ቡዳፔስት፣ ሃንጋሪ ተወለደ። የተማረው ሕክምና ነው። በ1923 ወደ አሜሪካ ተሰደደ፤ ኒውዮርክ ውስጥ በሮክፌለር የሕክምና ምርምር ተቋም ላቦራቶሪ ሠራ። ከዚያ የፊልም ፍቅሩ አሸንፎት ሆሊዉድ ወረደ። እዚያ በትንሽ ገንዘብ የሠራው የመጀመሪያ ፊልሙ ዛሬ የለም፣ ጠፍቷል። የዩኒቨርሳልን በር የከፈተለት ግን እሱ ነው።

የዚህ ሰው ሕይወት ራሱ ፊልም ይወጣዋል። ሆሊዉድን ትቶ አውሮፓ ተመለሰ፣ ፊልም ሠራ፣ ከዚያ ማዳጋስካር ድረስ ሄዶ የሰዎችን አኗኗር ቀረጸ፣ በመጨረሻም የሰው ልጆችን ባህልና አኗኗር የሚያጠና ምሁር፣ አንትሮፖሎጂስት ሆነ። በ1963 ሲሞት ኒውዮርክ ውስጥ የአንትሮፖሎጂ ምርምርን የሚደግፍ ትልቅ ድርጅት ይመራ ነበር። እኔ «ሎንሰም»ን ሳይ ሁሌም ትዝ የሚለኝ የ1923ቱ ፌዮሽ ነው። ኒውዮርክን የሚያያት እንደ ተወላጇ አይደለም፤ እንደ መጤ ነው። ሕንፃው፣ ባቡሩ፣ ግፊያው ሁሉ ለዓይኑ ገና አዲስ ነው። ስደትን የቀመሰ ተመልካች ይህን አስተያየት ለማወቅ ጊዜ አይፈጅበትም።

ሜሪን የምትጫወተው ባርባራ ኬንት ናት፤ ካናዳ ተወልዳ 103 ዓመት ኖራ በ2011 አረፈች። ጂምን የሚጫወተው ግሌን ትራይን በፊት የሚታወቀው በኮሜዲ ነበር። ካሜራው የጊልበርት ዋረንተን ነው፣ እሱንም ስሙን ያዙት፤ የፊልሙ ግማሽ ውበት ከሱ እጅ የወጣ ነው።

ንግግር ከሌለው እንዴት ይገባኛል? እንግሊዝኛ ባልችልስ?

ይገባችኋል። በየመሐሉ ብቅ የሚሉ ጽሑፎች አሉ፣ ግን ጥቂትና አጫጭር ናቸው። የቀረውን ፊትና እጅ ይናገራሉ። የመጀመሪያውን ጠዋት ብቻ ተመልከቱ። ሜሪ ተነስታ በሥርዓት ትዘጋጃለች። ጂም እንቅልፍ ጥሎት አርፍዶ ክፍሉን እያተራመሰ ይሯሯጣል። አንድ ቃል ሳይወጣ ሁለቱን ሰዎች አወቃችኋቸው። አዲስ አበባ ውስጥ ሕዝቡ «ሰይጣን ቤት» ብሎ በሰየመው የመጀመሪያው ሲኒማ ቤት የተቀመጡት ተመልካቾችም ድምፅ የሌለው ፊልም ነበር የሚያዩት።

አንድ ነገር ግን አደራ። ድምፅ አልባ ፊልም ወጥ እየሠሩ በጆሮ የሚከታተሉት ነገር አይደለም። ስልካችሁን ራቅ አድርጉት። ለአንድ ደቂቃ ዓይናችሁን ካነሳችሁ የሚያመልጣችሁ ነገር አለ። መጀመሪያ ላይ አሥር ደቂቃ ያህል ይከብዳል፤ ከዚያ በኋላ ዓይን ይለምዳል።

ድምፅ አልባ ከተባለ ለምን መሐል ላይ ያወራሉ?

ጊዜው ክፉ ስለነበረ ነው። በ1927 መጨረሻ ላይ «ዘ ጃዝ ሲንገር» የሚባለው ፊልም ወጣና ሕዝቡ ተዋናይ ሲናገር በጆሮው ሰማ። ከዚያ በኋላ ሁሉም ስቱዲዮ ድምፅ ፍለጋ ሩጫ ውስጥ ገባ። «ሎንሰም» ድምፅ አልባ ሆኖ ተሠርቶ ካለቀ በኋላ ሦስት የንግግር ትዕይንቶች ተጨመሩበት።

እውነቱን ልናገርና እነዚህ ሦስቱ የፊልሙ ደካማ ቦታዎች ናቸው። የዚያን ጊዜ የድምፅ መቅረጫ ካሜራውን አስሮ ነበር የሚያቆመው። እስከዚያ ድረስ እንደ ወፍ ሲበር የነበረው ካሜራ ድንገት እንደ ምሰሶ ይገተራል። ጂምና ሜሪም ተፈጥሯዊ መሆናቸው ቀርቶ ትምህርት ቤት ፊት ለፊት ወጥተው ግጥም እንደሚወጡ ልጆች ይሆናሉ። ብዙ ሰው እዚህ ጋ ሲደርስ «ይኸ ነው እንዴ የተወራለት?» ብሎ ሊዘጋው ይዳዳዋል። አትዝጉት። ትዕይንቱ አጭር ነው፣ ወዲያው ወደ ዝምታው ይመለሳል።

ቀለሙስ? ጥቁርና ነጭ ነው አላልክም ነበር?

ነው። ግን ኮኒ አይላንድ ላይ ሲመሽ መብራቶቹ ቀለም ያወጣሉ። ይህ በቀለም ፊልም የተቀረጸ አይደለም፤ ከቀረጻ በኋላ ፊልሙ ላይ የተቀባ ነው። ቀኑን ሙሉ በግራጫ ዓለም ውስጥ ለቆየ ዓይን የዚያ ምሽት ሐምራዊና ወርቃማ መብራት ምን እንደሚያደርግ በጽሑፍ ማስረዳት አልችልም። የሚገርመው ቀለሙ የሚመጣው ሁለቱ ሰዎች ከተገናኙ በኋላ ብቻ መሆኑ ነው።

የት ማየት ይቻላል?

ፊልሙ ለብዙ ዓመታት ከሰው ዓይን ጠፍቶ ነበር። የዳነው የፊልም ቤተ መዛግብት ስላቆዩት ነው፤ ሮቸስተር፣ ኒውዮርክ ያለው የጆርጅ ኢስትማን ሙዚየም ትልቁን ድርሻ ወስዷል። በ2010 የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ሊጠበቁ ከሚገባቸው ፊልሞች መዝገብ ውስጥ አስገባው። በ2012 ክራይቴሪየን የተባለው ድርጅት በዲቪዲና በብሉሬይ አወጣው። ከተገኘ ምርጡ እሱ ነው፤ ቀለሙም ሳይጎድል አለበት።

በ1928 የወጡ ፊልሞች አሜሪካ ውስጥ የቅጂ መብታቸው በ2024 መጀመሪያ ላይ አብቅቷል። ስለዚህ ኢንተርኔት ላይ ብትፈልጉ ታገኙታላችሁ። የምትመርጡትን ግን እዩ። አንዳንዱ ቅጂ የደበዘዘ ነው፣ አንዳንዱ ቀለሙ የለበትም።

ሕዝብ በሞላበት ከተማ ውስጥ ያለ ሰው እንዴት ብቸኛ ይሆናል? ፊልሙ ይህን በምን ያሳያል?

ይህን ጥያቄ እወደዋለሁ፣ ስለዚህ ትንሽ ልቆይበት። ፊልሙ ውስጥ ጂምም ሜሪም አንድም ጊዜ ባዶ ቦታ ላይ ብቻቸውን ቆመው አያለቅሱም። በተቃራኒው ሁሌም በሰው የታፈኑ ናቸው። በምድር ውስጥ ባቡሩ ትከሻ ለትከሻ ተጣብቀው ይሄዳሉ። ቁርስ የሚበሉት በግፊያ ነው። አንዱ ሌላውን ይነካዋል፣ ይገፋዋል፣ ይረግጠዋል፣ ግን ቀና ብሎ የሚያየው የለም። ሰው እንደ ዕቃ ነው የሚጓጓዘው።

ከዚያ የሥራው ትዕይንት ይመጣል። ፌዮሽ ትልቅ የሰዓት ገጽታ ምስሉ ላይ ይደርባል። በሰዓቱ መሐል አንዴ ጂም ማሽኑ ላይ፣ አንዴ ሜሪ ስልኩ ላይ። እጅ ይወርዳል፣ ብረት ይበሳል። እጅ ይነሳል፣ መስመር ይሰካል። ሜሪ ዙሪያ የደዋዮቹ ፊቶች ብቅ ብቅ ይላሉ፤ የሚያወራ፣ የሚቆጣ፣ የሚስቅ። ይህች ልጅ የከተማውን ሰው ሁሉ ስታገናኝ ትውላለች፣ ለሷ የሚደውል ግን የለም። ይህን አንድም ጽሑፍ አልነገረኝም። እጆቿንና ፊቶቹን እያየሁ ራሴ ደረስኩበት፣ ሲገባኝም ሆዴን ባር ባር አለኝ።

ለእኔ ከሁሉ የሚያመው ግን ሥራ ሲያበቃ ያለው ነው። ባልደረቦቻቸው ክፉዎች አይደሉም። «ነይ እንሂድ»፣ «ና እንሂድ» ይሏቸዋል። ግን ሁሉም ሁለት ሁለት ነው። ሦስተኛ ሆኖ መሄድ ምን እንደሚመስል የሚያውቅ ያውቀዋል። ሁለቱም ፈገግ ብለው «እኔ ሌላ ጉዳይ አለኝ» ዓይነት ነገር ብለው ይቀራሉ። ፈገግታው ከፊታቸው የሚወርድበትን ፍጥነት ልብ በሉ። ከግማሽ ሰከንድ አይበልጥም።

ጂም መጀመሪያ ላይ የሚጎርርባት ለምንድን ነው? ውሸታም አይደለም ወይ?

ባሕሩ ዳር ላይ ትልቅ ሰው፣ ባለ ገንዘብ መስሎ ያወራታል። አንዳንድ ተመልካች እዚህ ጋ ጂምን ይጠላዋል። እኔ ግን አዝንለታለሁ። ሰው ያጣ ሰው የመጀመሪያውን ወዳጅ ሲያገኝ «እኔ እንደሆንኩት ብነግራት ትሄዳለች» ብሎ ይፈራል። ብዙም ሳይቆይ እውነቱን ያወጣል፦ ተራ ሠራተኛ ነኝ ይላታል። ሜሪ ታዲያ አትቀየምም፤ ቅልል ይላታል። እሷም እንደሱው ናት። ከዚያ በኋላ ነው አብረው መሳቅ የሚጀምሩት።

ቀኑን ሙሉ አብረው ውለው እንዴት ሙሉ ስምና አድራሻ አይጠያየቁም?

በጣም የሚጠየቅ ጥያቄ ነው፣ አንዳንዱም በንዴት ነው የሚጠይቀው። በኪሳቸው ያለው ትንሽ ፎቶና መጠሪያ ስም ብቻ ነው። ያን ጊዜ ኒውዮርክ ውስጥ ወደ 7 ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው ይኖራል። ጂም የሚባል፣ ሜሪ የሚባል ስንት አለ?

ግን እስቲ አስቡት። አድራሻ የምንጠያየቀው ልንለያይ ስንል ነው። እነሱ ደግሞ መለያየት የሚባል ነገር በሐሳባቸው አልነበረም። ዳንሱ አለ፣ ሙዚቃው አለ፣ ከላይ የሚዘንበው ባለ ቀለም ቁርጥራጭ ወረቀት አለ። ሮለር ኮስተር በሚባለው ሽቅብ ቁልቁል የሚከንፍ የመዝናኛ ባቡር ላይ ሲወጡ ግፊያው በተለያየ ጋሪ ላይ አስቀመጣቸው፤ ትንሽ ነገር ነው፣ ከታች ይገናኛሉ። ከዚያ ሜሪ ያለችበት ጋሪ ጎማ በእሳት ተያያዘ። እሷ ራሷን ሳተች። ጂም ሰውን እየገፋ ወደ እሷ ሲሮጥ ፖሊስ ያዘው። ሲለቀቅ ሜሪ የለችም። አንድ ደቂቃ ነው የጎደላቸው። «ስምሽ ማን ነው፣ የት ነው የምትኖሪው» ለማለት የምትበቃ አንድ ደቂቃ።

ከዚያ በኋላ ያለውን ፍለጋ በጥንቃቄ እዩ። ጠዋት የነበረው ያው ግፊያ ነው፣ ያው ሕዝብ ነው። ጠዋት ግን ማንም ማንንም አይፈልግም ነበር። አሁን ሁለት ሰዎች በዚያ ሁሉ ፊት መሐል አንድ ፊት ይፈልጋሉ። የዝናቡ ዶፍ ሲጨመርበት ሕዝቡ ይበተናል፣ ተስፋውም አብሮ ይበተናል።

(ያላየ አያንብብ) መጨረሻው የማይሆን አጋጣሚ አይደለም ወይ?

ጂም በዝናብ በስብሶ ክፍሉ ይገባል። አብረው የደነሱበትን «ኦልዌይስ» የተባለውን የአርቪንግ በርሊን ዘፈን በሸክላ ያጫውታል። ከግድግዳው ማዶ ያለች ሴት እያለቀሰች ነው፤ ዘፈኑን መስማት አልቻለችም፤ ዝጋው ብላ ግድግዳውን ትደበድባለች። ሜሪ ናት። ለካ ጎረቤታሞች ነበሩ።

«እንዴት ይሆናል? ተረት ነው» የሚሉ አሉ። እኔ ደግሞ ከፊልሙ ሁሉ እጅግ እውነተኛው ነገር ይኸ ነው እላለሁ። እነሱ የሚኖሩበት ዓይነት ማከራያ ቤት ውስጥ ሁሉም በየሰዓቱ ይወጣል፣ በየሰዓቱ ይገባል። እኔም በአንድ ወቅት ተከራይቼ በምኖርበት ክፍል የጎረቤቴን ሬዲዮ አንድ ዓመት ሙሉ ሰምቻለሁ። ጠዋት ዜና፣ ማታ ዘፈን። ሳል ሲይዘው አውቃለሁ። መልኩን ግን ያየሁት ዕቃውን ጭኖ ሲለቅ ነው። ስለዚህ የጂምና የሜሪ ጉርብትና አይገርመኝም። የሚገርመኝ መተዋወቃቸው ነው።

ደግሞም ዝም ብሎ አጋጣሚ አይደለም። ያገናኛቸው ሐዘናቸው ነው። ጂም ባያዝን ዘፈኑን አያጫውትም። ሜሪ ባታዝን ግድግዳውን አትደበድብም። ደስተኛ ጎረቤታሞች ቢሆኑ ኖሮ እስካሁንም አይተዋወቁም ነበር።

(ይህንንም ያላየ አያንብብ) ሁለተኛ ጊዜ ማየት ምን ይጨምራል?

ብዙ። መጀመሪያ ስናይ የጠዋቱ ትዕይንት ሁለት የተለያዩ ሰዎች በሁለት የተለያዩ ቦታዎች የሚነቁ ይመስለናል። ፊልሙ ቤቶቹን አጠጋግቶ አያሳየንም፣ እኛም አንጠይቅም። ሁለተኛ ጊዜ ስታዩት ግን የት እንዳሉ ታውቃላችሁ።

ሜሪ ክፍሏ ውስጥ ወዲያ ወዲህ ስትል አሁን ጆሮዬ ይቆማል። ጂም አርፍዶ ሲንኳኳ፣ ዕቃ ሲያነሳ ሲጥል፣ በሩን በርግዶ ሲወጣ፣ ይህ ሁሉ ከግድግዳው ማዶ ይሰማል እኮ እላለሁ። ፊልሙ ድምፅ የለውም፤ እኔ ግን ኳኳታውን እሰማዋለሁ። ሥራ ውለው ብቻቸውን ሲመለሱም እንደዚያው ነው። እሱ እዚህ ምን እንደሚያደርግ ግራ ገብቶት ተቀምጧል፣ እሷም እዚያ ግራ ገብቷት ተቀምጣለች፣ መሐላቸው አንድ ስስ ግድግዳ አለ። ከውጭ የሙዚቀኞቹ መኪና ሲያልፍ ሁለቱም በየመስኮታቸው ብቅ ይላሉ። አንገታቸውን ትንሽ ወደ ጎን ቢያዞሩ ይተያያሉ ብዬ አስባለሁ፣ በዚያች ሰዓት ግን ሁለቱም የሚያዩት ወደ ታች፣ ወደ መንገዱ ነው።